የዱባው ሾርባ ቀማሽ

ዱባ አልወድም። ይህን አስቀድሜ የምናገረው ከዚህ በኋላ የማወራው ሁሉ ስለ ዱባ ስለሆነ ነው። ጣፋጭ ወጥ የሚባል ነገር እስከ ሽምግልናዬ ድረስ አልገባኝም፤ ወጥ ከሆነ ያቃጥል፣ ጣፋጭ ከሆነ ከሻይ ጋር ይምጣ ባይ ነኝ። ባለቤቴ ይህን ስለምታውቅ ዱባ በሠራች ቀን ለእኔ ሽሮ ለብቻ ትጥድልኝ ነበር። "ለአንተ ሆድ ሁለት ምድጃ ያስፈልገዋል" እያለች ታጉረመርማለች፤ ሽሮውን ግን አንድም ቀን አስቀርታብኝ አታውቅም።

የምንኖረው ጭሮ ነው፤ እዚሁ ተወልደን ያረጀነው ሰዎች አሁንም በድሮ ስሟ አሰበ ተፈሪ ማለት ያመልጠናል። አባቴ ከጉራጌ አገር መጥቶ ጨርቅ መሸጥ የጀመረባት ሱቅ ዛሬ በእኔ እጅ ናት። ቤታችን ከሱቁ ጀርባ ነው፤ የጫት መኪኖች ጡሩምባና የባጃጆች ጩኸት ግቢው ድረስ ይሰማል። ልጆቻችን አድገው ወደየኑሯቸው ሄደዋል። ከእኛ ግቢ ቀጥሎ ያለው የጎረቤቴ ግቢ ሲሆን፣ በመካከላችን የቆርቆሮ አጥር ቆሟል።

ጎረቤቴን እቴቴ እላቸዋለሁ፤ በእኛ ቤት ታላቅ እህት የምትጠራው እንደዚያ ነው። ሙስሊም ናቸው፣ አፋቸውን የፈቱት በኦሮምኛ ነው፣ ከእኔም ጥቂት ዓመት ይበልጣሉ። በጉልበታቸው ጊዜ ጫት ነጋዴ ነበሩ፤ ድምፃቸው ገና የዚያን ጊዜ ድምፅ ስለሆነ ሹክሹክታቸው ከመንገድ ማዶ ይሰማል። ባላቸው ከሞቱ ቆይተዋል፤ አንድ ልጃቸው መቻራ ሆኖ ቡና ይነግዳል፤ እሳቸው ብቻቸውን ይኖራሉ። እኔ አንቱ እላቸዋለሁ፣ እሳቸው አንተ ይሉኛል። በእሳቸው አማርኛ ውስጥ አንቱታ የሚባል ነገር የለም፤ ሹሙንም ሽማግሌውንም አንተ ነው የሚሉት። በዚህ የተቀየማቸው ሰው ግን እስከ ዛሬ አላየሁም።

አጥሩ ላይ አንዲት መስኮት አለች። መስኮት የምላት ባለቤቴ ከዓመታት በፊት አንዱን ቆርቆሮ አስቆርጣ፣ ማጠፊያ አስመትታ ያሠራቻት ድስት የምታሳልፍ ቀዳዳ ናት። በእሷ በኩል ሽንኩርት ይሄዳል፣ ክብሪት ይመጣል፣ ወሬም ይመላለሳል። ዋናው ሥራዋ ግን የረመዳን ሥራ ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ጾመኛ ሴት ለማፍጠሪያ ሾርባ ስትሠራ ጨዉን መቅመስ አትችልም። ምላስ ላይ አድርጎ መትፋት ይፈቀዳል የሚሉ አሉ፤ እቴቴ ግን "ምላሴ ሌባ ናት፣ እኔ አላምናትም" ይላሉ። ስለዚህ ወደ አስራ አንድ ሰዓት ሲሆን ቆርቆሮዋ በጭልፋ ትንኳኳለች። ባለቤቴ የያዘችውን ሥራ ጥላ መስኮቷን ትከፍትና መዳፏን ትዘረጋለች። ከጭልፋው ጠብ ያደረጉላትን ልሳ ፍርዷን ትሰጣለች፤ እቴቴም በፍርዱ መሠረት ጨው ይጨምራሉ። የዚያ ግቢ ጨው ቀማሽ እሷ ነበረች።

ሾርባው የዱባ የሆነውም በእሷ ምክንያት ነው። በሌላው ቤት የረመዳን ሾርባ ሥጋ አለው። ሙስሊም ያረደውን ክርስቲያን አይቀምስም፣ ክርስቲያን ያረደውንም ሙስሊም አይነካም፤ ወጉ ነው፣ ማንም በማንም አይቀየምም። በዚያ ላይ ካለፉት ጥቂት ዓመታት ወዲህ ረመዳን ከእኛ ዐቢይ ጾም ጋር ስለተገናኘ፣ ባለቤቴ ሥጋ ቀርቶ ቅቤ የነካው ጭልፋ አታስጠጋም ነበር። ቀማሽዋ ያልቀመሰችው ሾርባ ደግሞ ለእቴቴ ሾርባ አይደለም። ስለዚህ ሥጋውንም ቅቤውንም ተዉት፤ ልጃቸው ከመቻራ በጭነት መኪና የሚልክላቸው ዱባ በቦታው ገባ። ቅባት አነሰው ሲባል ከእኛ ቤት የጾም ሱፍ በመስኮቷ ሄደ። ሱፉ ታምሶ፣ ተወቅጦ፣ በውሃ ተበጥብጦ በአቡጀዲ ሲጣራ ወተት ይመስላል፤ ዱባው ውስጥ ሲገባ ሾርባው ወፍሮ ይለሰልሳል፣ ቅቤ የለውም ብሎ የሚያምን የለም። ዱባው ከወዲያ፣ ሱፉ ከወዲህ። የሰፈሩ ሰው ሁለቱን ሴቶች "ዱባና ቅል አበቃቀሉ ለየቅል" እያለ ይተርባቸው ነበር። እነሱም አይቆጡም፤ ቅሏ ማን እንደሆነች ግን ሲከራከሩ ይውላሉ።

አንድ ነገር ልጨምር። ባለቤቴ ከእኔ የበለጠች ጾመኛ ነበረች፤ በዐቢይ ጾም ፀሐይ ሳትጠልቅ እህል አትቀምስም። ሁለቱ ጾሞች በተገናኙባቸው ዓመታት ግን በረመዳን ቀናት ልክ ዘጠኝ ሰዓት ሲሆን ቂጣ ቆርሳ ትበላ ጀመር። ምነው ስላት "ጨጓራዬ" አለችኝ። ሐኪም ቤት እንሂድ ብዬ ነዘነዝኳት፤ "በቂጣ የሚድን ነገር ምን ሐኪም ያስፈልገዋል?" ብላ አልሄድ አለች።

ባለፈው ክረምት ሞተች። ልቧ ነው አሉን፤ ታማ ሳትተኛ በድንገት ነው የሄደችው። ሐኪሞቹ ልብ ነው ቢሉም ለእኔ ያ ጨጓራ ሲከነክነኝ ኖረ። ጎትቼ ብወስዳት ኖሮ የልቧንም ነገር ያገኙት ነበር እያልኩ፣ ሱቅ ውስጥ ጨርቅ ስለካ ሳይቀር ይመጣብኛል። ለለቅሶ የመጡ ዘመዶቼ ውሻ በአጥሩ እየገባ ሲያስቸግራቸው መስኮቷን ምስማር መቱባት። አየሁ፣ ምንም አላልኩም። በዚያ ሰሞን ቤቱን በሙሉ ምስማር ቢመቱበትም ምንም አልልም ነበር።

ዘንድሮ ዐቢይ ጾም ሲገባ እኔም እንደ እሷ ፀሐይ እስክትጠልቅ ልጹም ብዬ ተሳልኩ። ለነፍሷ ማድረግ የምችለው ሌላ ነገር አልታየኝም። ማታ ማታ ዳቦ በሻይ እበላለሁ፤ ምድጃው ከተዝካሯ ወዲህ እሳት አይቶ አያውቅም።

ረመዳን በገባ የመጀመሪያው ቀን፣ አስራ አንድ ሰዓት ላይ፣ በረንዳ ላይ ተቀምጬ ሳለሁ ቆርቆሮው ተንኳኳ። በጭልፋ ነው። ቀጥሎ የእቴቴ ድምፅ "ነይ እንጂ አንቺ፣ መዳፍሽን አምጪ፣ ሊያርብኝ ነው!" አለ።

አልተነሳሁም። ከአጥሩ ማዶ እጃቸው ምስማሩን ሲነካ ተሰማኝ፤ ቆርቆሮው ትንሽ ተንቀሳቀሰና ቆመ። ከዚያ እኚያ ሹክሹክታቸው መንገድ የሚሻገር ሴት "ያ ረቢ" ያሉት ለእኔም በግድ ነው የተሰማኝ። ልማድ ነው እጃቸውን መርቶ ያመጣቸው፤ ትዝ ያላቸው እዚያ ከደረሱ በኋላ ነው። ኮቴያቸው ተመለሰ። በማግስቱ ከእሳቸው ግቢ ጭስ አልወጣም፣ በሠልስቱም አልወጣም።

ሳምንት ሳይሞላ አንድ የማውቀው ባለባጃጅ ሱቄ መጥቶ "ጎረቤትህ ገበያ ውስጥ አዙሯቸው መሬት ተቀመጡ፤ እኔ ነኝ ቤት ያደረስኳቸው" አለኝ። ሱቄን ዘግቼ በዋናው በር ዞሬ ሄድኩ። እቴቴ ፍራሻቸው ላይ ጋደም ብለዋል። አጠገባቸው ጥቂት ተምርና አንድ ጆግ ውሃ አለ። ምድጃቸው እንደ እኔው ምድጃ ቀዝቅዟል።

"በምን ነው የሚያፈጥሩት?" አልኳቸው።

"ይኸው በተምር፣ በውሃ። ከዚያ እተኛለሁ።"

"ሾርባውስ?"

"ለማን ብዬ? ማን ሊቀምሰው?"

"ለራስዎ ነዋ።"

"አቦ ተወኝ። ለአንድ አፍ እሳት አይነድም" አሉና ፊታቸውን ወደ ግድግዳው አዞሩ። አንገታቸው ሻሻቸው ውስጥ ቀጥኖ አየሁት። ደነገጥኩ፤ መክሳታቸውን እስከዚያች ሰዓት ልብ ብዬ አላየሁም ነበር።

ማታ ልጃቸው ከመቻራ ደወለልኝ። እሱም ሰምቷል። "ጋሼ፣ እንዲህ ከሆነማ ብቻዋን አልተዋትም" አለኝ። "ቅዳሜ በመኪና መጥቼ እወስዳታለሁ። ቤቱን እናከራየዋለን።" ልክ ነበር፤ ልጅ ማለት እንደዚያ ነው። ስልኩን ከዘጋሁ በኋላ ግን አጥሩን ሳየው፣ ከቅዳሜ በኋላ ከዚያ ማዶ የማላውቀው ሰው እንደሚኖር ታወቀኝ። በአንድ ዓመት ሁለቱም ድምፅ ሊጠፋብኝ ነው። እቴቴም ቢሆኑ ሠላሳ ዓመት የኖሩበትን ቤት ለቀው በልጅ ቤት ጥግ ይዘው የሚቀመጡ ሰው አይደሉም። እኚህ ሴትዮ መብላት ከጀመሩ ይቀራሉ፣ ካልጀመሩ ይሄዳሉ፤ ነገሩ ይኸው ነው።

ስለዚህ ሾርባውን ራሴ ሠርቼ በድስት ልወስድላቸው ወሰንኩ። ስንት ዓመት ሙሉ ዓይኔ እያየ የተሠራ ነገር ምን ያቅተኛል ብዬ ነው። ከገበያ ዱባ ገዛሁ። ሻጭዋ በጣቷ እያንኳኳች ስትመርጥ አይቼ እኔም አንኳኳሁ፤ ምን እንደምሰማ ግን አላወቅኩም። ልጣጩ ቢላዬን ቀለበሰው፤ በመጨረሻ ደጃፍ ላይ ከድንጋይ ጋር አጋጭቼ ፈለጥኩት። ቀቀልኩት፣ ሽንኩርት ጨመርኩ። ሱፉን ባለቤቴ ስትወቅጥ አቡጀዲውን ይዤ የምጨምቅላት እኔ ስለነበርኩ እሱ አላስቸገረኝም። ወተት መስሎ ሲወርድ ደስ አለኝ፤ ቶሎ ብዬ የሚንተከተከው ዱባ ላይ ገለበጥኩት።

ዓይኔ እያየ ተቋጠረ። ወተቱ ለብቻ እንክብል እንክብል ሆነ፣ ውሃው ለብቻ ወጣ። ይወፍር እንደሆነ ብዬ ዱቄት በተንኩበት፤ ያኔ ደግሞ ማስታወቂያ መለጠፊያ ሙጫ ሆነ። ያ መስኮት ያስዘጋው ውሻ በበሩ ገብቶ አሸተተውና ዞር ብሎ ሄደ። እኔም በውሻው አልፈረድኩም።

በማግስቱ ጠዋት መዶሻ ይዤ አጥሩ ጋ ሄድኩና ምስማሮቹን ነቀልኳቸው። ጩኸቱን ሰምተው እቴቴ ወጡ። መስኮቷን ስከፍታት ፊት ለፊት ተያየን፤ በዚያች ቀዳዳ ከባለቤቴ ሌላ ፊት አይተው ስለማያውቁ ነው መሰለኝ ዓይናቸውን ሰበሩ።

"ትናንት ሾርባ ሠርቼ ነበር" አልኳቸው።

"ሸተተኝ" አሉ። "ቤት የተቃጠለ መስሎኝ ነበር።"

"ሱፉ ተቋጠረብኝ።"

"እሳት ላይ እያለ ጨመርከው?"

"አዎ።"

"ወላሂ፣ አንተ ሰውዬ! ድስቱ ከእሳት ወርዶ፣ ትንሽ በርዶ ነው እንጂ።" ከዚያ "ዱባውንስ ማን ደቆሰልህ?" አሉ።

"ይደቆሳል እንዴ?"

ያ አስተያየታቸው ባለቤቴ እንዴት ብላ ከዚህ ሰው ጋር ኖረች የሚል ነበር። እኔም ዕድሉን ሳላሳልፍ ተናገርኩ። "እቴቴ፣ እኔ የማውቀው የሱፉን ግማሽ ነው፤ የዱባው ግማሽ ያለው እርስዎ ጋ ነው። ቅዳሜ ልጅዎ ይወስድዎታል። ከመሄድዎ በፊት አንድ ጊዜ አብረን እንሥራውና ልወቀው።"

"ከመሄድዎ በፊት" የሚለው ቃል ሲወጋቸው አየሁ። ሻሻቸውን አጠበቁ። "አርብ እንሠራለን" አሉ። "አንተ ግን ቢላ እንዳትይዝ፤ ዱባው የእኔ ነው።"

አርብ ከሰዓት በኋላ ሱቄን ቀድሜ ዘጋሁ። መብራት ስለሌለ ልጆቼ ለእናታቸው የላኩላት መፍጫ አልሠራልኝም፤ ሙቀጫ አወጣሁ። እሳቸው ከአጥሩ ወዲያ፣ እኔ ከአጥሩ ወዲህ፣ መስኮቷ በመሃላችን ወለል ብላ ተከፍታ ሥራ ጀመርን። ፊታቸውን ባላይም ድምፃቸው ነበረኝ። ሽንኩርቱ በዘይት ላላ እስኪል ብቻ እንጂ መጥቆር የለበትም። ነጭ ሽንኩርትና ዝንጅብል አብረው ይደቆሳሉ፤ እርዱ ለመልክ ያህል ቁንጥር ነው። ዱባው ውሃ አይበዛበትም፣ በራሱ ውሃ ነው የሚበስለው። ሲፈርስ በጭልፋ ጀርባ ድስቱ ግድግዳ ላይ እየተጫነ ይደቆሳል፤ አንዲት ጓል ከቀረች ሾርባ መሆኑ ቀርቶ ወጥ ነው። ይህን ሁሉ እየሠሩ ይነግሩኛል፤ እየነገሩኝ ይሳደባሉ። ሙቀጫዬ ሲዘገይ "ተኛህ እንዴ?" ይሉኛል። ከክረምት ወዲህ በዚያ ግቢ እንደዚህ ያለ ድምፅ አልተሰማም። ልቤ ሞቆ እንደነበር ምን ያስደብቀኛል።

ድስቱ በመስኮቷ ወደ እኔ መጣ። እስኪበርድ ጠበቅኩ፤ አስቀድሜ ደጋግሜ ያጠለልኩትን ሱፍ በቀስታ እያፈሰስኩ አማሰልኩ። ይኼኔ ነው ያየሁት። ቢጫው ነጣ፣ ላዩ ለሰለሰ፣ ጭልፋው ሲያልፍበት የሄደበት መንገድ ቀስ ብሎ ይከደናል። ቅቤ የለው፣ ወተት የለው፣ ግን ክሬም ነው። ብድግ ብዬ ለሰው ላሳይ ዞርኩ፤ ከኋላዬ ማንም አልነበረም።

ጨው የመጣው እዚህ ላይ ነው። ባለቤቴ በእኛ ቤት የሱፍ ፍትፍት ላይ ጨው ስትነሰንስ አይቼ አውቃለሁ። እቴቴ ደግሞ ስለ ጨው አንድም ቃል አልነገሩኝም። ስለዚህ የእኔ ድርሻ ነው ብዬ፣ በእሷ የጨው ማንኪያ፣ ለአንድ ድስት ይበቃል ያልኩትን ያህል ጨመርኩ። አልቀመስኩትም። እሳቸው ጾመኛ፣ እኔም ፀሐይ እስክትጠልቅ ልጹም ብዬ ተስያለሁ። በሁለት ግቢ ውስጥ አንድ የሚቀምስ ምላስ አልነበረም።

አዛን ሊል ሲል ድስቱን ይዤ በበሩ ዞሬ ሄድኩ። ምንጣፍ ዘርግተው ጠበቁኝ። አዛኑ ሲሰማ ቢስሚላህ ብለው ተምራቸውን ቀመሱ፣ ውሃ ጠጡ። እኔም አማተብኩ። በሳህን ቀድተው ሰጡኝ፣ ለራሳቸውም ቀዱ፤ እኩል አነሳን።

እንዴት ብዬ ልንገራችሁ። ያ ሾርባ ከብት ከሚልሰው አሞሌ ጨው በምንም አይሻልም። ዓይኔ እንባ አቀረረ። ግን እኚህ ሴትዮ ስንት ቀን እህል ሳይቀምሱ ዛሬ ሳህን ይዘዋል፤ እኔ ፊቴን ባጨማድድ ያስቀምጡታል ብዬ ዋጥኩት። ቀና ስል እሳቸውም ውጠዋል፤ ከንፈራቸው ግን ተጣብቆ ቀርቷል።

"ማሻአላህ" አሉ።

"ይጣፍጣል" አልኩ።

ሁለተኛ ማንኪያ አነሳን። በዕድሜዬ እንደዚያ የከበደ ማንኪያ አንስቼ አላውቅም። ሳህናቸውን አስቀመጡና "ኦቦሌሳ" አሉኝ፤ በኦሮምኛ ወንድሜ ማለታቸው ነው። "እውነቱን ንገረኝ። ሶጊዳ ጨምረሃል?"

"ጨው ነው? አዎ። እርስዎስ?"

"እኔም።"

"ስንት?"

እጃቸውን ጭብጥ አድርገው አሳዩኝ። እኔም ጭብጤን አሳየሁ። ሁለት አዛውንቶች ጭብጣችንን እንደ ቦክሰኛ ይዘን ስንተያይ እሳቸው ቀድመው ፈረሱ። ሆዳቸውን ይዘው ሳቁ፤ ያ የጫት ተራ ሳቃቸው ነው፣ መንገዱ ድረስ የሚሰማው። "ጨው ለራስህ ስትል ጣፍጥ ሲባል እኛን አላዩንም!" አሉ። እኔም ሳቅኩ፤ ስስቅ ማልቀሴን አላወቅኩም ነበር፣ እሳቸው ናቸው የሻሻቸውን ጫፍ ያቀበሉኝ።

"እኔ እኮ" አሉ ሲረጋጉ፣ "ሁሌ አውቄ አሳንሳለሁ። ጨው ካልጎደለው እሷ ምን ልትል ትመጣለች? ጎደለ ትላለች፣ እጨምራለሁ፣ በዚያው ወሬ እናወራለን። ዛሬ ግን አንተ ጨው የምታውቅ አልመሰለኝም። ልርዳው ብዬ ሙሉውን ጨመርኩ።"

"እኔም እርስዎ የረሱት መስሎኝ ነው።"

"ለምን አልቀመስከውም? ክርስቲያን በዘጠኝ ሰዓት ይፈታ የለ?"

ስእለቴን ነገርኳቸው። እንደ እሷ ፀሐይ እስክትጠልቅ እጾማለሁ አልኳቸው። ከዚያ፣ እሷም በመጨረሻዎቹ ዓመታት ጨጓራዋ እምቢ ብሏት በዘጠኝ ሰዓት ትፈታ ነበር እንጂ፣ አልኩ።

"የምን ጨጓራ?" አሉ እቴቴ።

"ሲያማት ቂጣ ትበላ ነበር፤ ሐኪም ቤት አልሄድ ብላኝ..."

"እሷ ጨጓራ የላትም።" ሳህኑን ከፊታቸው ገፋ አደረጉት። "አስራ አንድ ሰዓት ላይ የእኔን ሾርባ ለመቅመስ በዘጠኝ ሰዓት ትፈታለች። እኔ ተይ ብያታለሁ፤ ጾምሽን በእኔ አታበላሺ ብያታለሁ። 'ጾሜ አይበላሽም፣ ዘጠኝ ሰዓትም ጾም ነው' አለችኝ። አንተ እንዳትሰማ ነው ያለችኝ፤ መሳቂያ ያደርገኛል ብላ ነው።"

ስንት ወር የተሸከምኩት ጨጓራ በአንድ ዓረፍተ ነገር ከላዬ ወረደ። ሳልወስዳት ቀረሁ የምለው ሐኪም ቤት፣ ሳይድን ቀረ የምለውም በሽታ አልነበረም። ያን ቂጣ በጎረቤት ሾርባ ምክንያት ነው የምትቆርሰው። ቀለለኝ፤ ወዲያው ደግሞ ናፍቆቷ እንደ አዲስ መጣብኝ፣ ምክንያቱም ይህን ሁሉ ዓመት አብሬያት ስኖር ይህን ያህሏን አላወቅኳትም ነበር። እቴቴ አላባበሉኝም። ተነስተው ጨው ያልነካው የበሰለ የዱባ ቅሪት ካስቀመጡበት አምጥተው፣ ደቁሰው፣ ሙቅ ውሃ አክለው፣ ሾርባውን እስኪበላ ድረስ አቀጠኑት። "ብላ" አሉኝ። እሳቸውም በሉ። ሳህናቸው ባዶ ሆኖ አየሁት፤ ደግመው ሲቀዱም አየሁ።

ቅዳሜ ልጃቸው መኪና ይዞ መጣ። እኔም ለመሰናበት ብዬ ሄጄ ነበር። ጓዛቸው አልተነሳም። ምነው ሲላቸው በጣታቸው ወደ እኔ ጠቆሙ። "ይህን ሰውዬ አየኸው? ሱፍ መጭመቅ ይችላል፣ ጨው ግን አያውቅም። አንድ ድስት ሾርባ ባሕር አደረገብኝ። እሱን ጨው ሳላስተምር ወዴት ነው የምሄደው?" ልጁ ፊታቸውን አየ፣ ፊቴን አየ፣ ምድጃው ላይ የተጣደውን ድስት አየ። ዋለ፣ ከእኛ ጋር በሾርባው አፈጠረ፤ ከመሸ በኋላ ብቻውን ተመልሶ ሄደ። ሦስት ትልልቅ ዱባም ትቶልን ሄደ፤ "ትቶልን" ያልኩት እቴቴ ለሁለታችን ነው ስላሉ ነው።

ሰኞ ዘጠኝ ሰዓት ላይ ሱቄ ውስጥ ሆኜ ቂጣ ቆረስኩ። ስእለቴንም የእሷን ዘጠኝ ሰዓትም ለንስሐ አባቴ ነግሬ ነበር። ሳቅ ብለው "እሷ ይህን ካደረገች አንተ ከእሷ ልትበልጥ ነው?" አሉኝ። ቂጣው ቀዝቅዞ ነበር፤ ግን እሷ ለዓመታት በዚህች ሰዓት እንዲህ ቆማ መብላቷን እያሰብኩ ቀስ ብዬ አኘኩት።

አስራ አንድ ሰዓት ላይ በረንዳዬ ላይ ነበርኩ። እየጠበቅኩ ነበር ብል ይሻላል። ቆርቆሮዋ በጭልፋ ተንኳኳች። ዛሬ ተነሳሁ። መስኮቷን ከፍቼ መዳፌን ዘረጋሁ። እቴቴ ከጭልፋው ጠብ አደረጉልኝና ላስኩት።

ዱባ አልወድም፣ አሁንም አልወድም። ግን ያን ጊዜ የፈለግኩት ጨዉን ነው፤ ጨዉም ጎድሎታል፣ በደንብ አድርጎ ጎድሎታል።

"ትንሽ ጨው ይቀረዋል፣ እቴቴ" አልኳቸው።

"አውቃለሁ" አሉኝ፤ ጨው ለመጨመር ግን አልተቻኮሉም።